ጃፓን መጥቼ እንደገና ፊደል ቆጠርኩ

ሰላም ናችሁ ወገኖቼ። ቶኪዮ ከገባሁ ዘንድሮ 9 ዓመት ሞላኝ፣ የምኖረው ካትሱሺካ የሚባለው ክፍለ ከተማ ነው፣ ዮትሱጊ አካባቢ ሀበሻ በዛ ብሎ ስላለ ብዙዎቻችን እዛው ነን። ወደዚ ለመምጣት የሚያስቡ ልጆች ሁሌ "ቋንቋው ይከብዳል ወይ" ብለው ይጠይቁኛል፣ እኔ ንግግሩ አይከብድም ነው የምላቸው፣ እውነቴን ነው፣ እንደኛው ግሱ መጨረሻ ላይ ነው የሚመጣው፣ ጆሮ ቶሎ ይለምደዋል። የሚከብደው ለዓይን ነው። ካንጂ፣ ማለትም ከቻይና የመጣው ፊደላቸው፣ እሱ ነው ሰውን የሚያስለቅሰው። እኔ ዘግይቼ ስለጀመርኩት ብዙ ዋጋ ከፍያለሁ፣ ለዛ ነው ዛሬ ቁጭ ብዬ የምጽፍላችሁ።

በመጣሁ በሁለተኛው ዓመት ጨጓራዬን አመመኝና መድኃኒት ታዘዘልኝ። እዚህ መድኃኒት የሚሰጡህ በወረቀት ከረጢት ነው፣ ላዩ ላይ በቀን ስንቴ፣ ስንት ፍሬ፣ መቼ እንደሚዋጥ ተጽፎበታል። "መቼ" የሚለው ቦታ ላይ ሁለት ካንጂ አለ፣ ሁለቱንም አውቃቸዋለሁ! የመጀመሪያው ምግብ ወይም መብላት ነው፣ ሁለተኛው መሀል ማለት ነው፣ በር ተስሎ በበሩ መሀል ፀሐይ የገባችበት ፊደል ነው። እኔም ደስ ብሎኝ "በምግብ መሀል" ነው ብዬ ቁርሴን ግማሽ ላይ ሳደርስ ክኒኑን እውጥና መብላቴን እቀጥላለሁ፣ ምሳም እንደዛው፣ ማታም እንደዛው፣ አስር ቀን ሙሉ። አልሻል ሲለኝ ተመልሼ ሄድኩ። ለካ "በአንዱ ምግብና በሚቀጥለው ምግብ መካከል" ማለት ነው፣ ከበላህ ሁለት ሰዓት ያህል ቆይተህ ሆድህ ባዶ ሲሆን። ፋርማሲስቷ ጃፓኖችም ይሳሳቱታል ብላ አጽናናችኝ፣ እኔ ግን ባቡር ውስጥ እንባዬ መጣ።

ለምን መሰላችሁ፣ አያቴ ትዝ አለችኝ። አያቴ ፊደል አልቆጠረችም፣ ደብዳቤ ሲመጣላት እኔን ጠርታ ታስነብበኝ ነበር፣ እኔ ሳነብ የእኔን አፍ ነበር የምታየው፣ ወረቀቱን አታየውም። እና እዚህ ዲግሪ ይዤ መጥቼ ከኩያኩሾ፣ ማለቴ ከክፍለ ከተማው ጽህፈት ቤት ደብዳቤ በመጣ ቁጥር ይዤ ሰው ፍለጋ መሄድ ሆነ ሥራዬ። የሰው አፍ የማይ እኔ ሆንኩ። ስልክ አለ አይደል ትሉኝ ይሆናል፣ አዎ ጎግል ትራንስሌት የታተመውን ያነባል፣ በእጅ የተጻፈው ላይ ግን ብዙ ጊዜ ይስታል፣ ደግሞ የልጅህን ትምህርት ቤት ወረቀት ሁሉ በካሜራ እያየህ ስንት ዓመት ትኖራለህ።

የኔ ጥፋት ምን ነበር መሰላችሁ፣ ሂራጋናና ካታካና፣ ማለትም እንደኛ ድምፅ የሚጻፍባቸው ሌሎቹ ሁለት ፊደሎቻቸው፣ ይበቁኛል ማለቴ። ሂራጋና 46 ፊደል ነው፣ ሀሁ ላጠና ሰው በጣም ቀላል ነው፣ እያንዳንዱ ፊደል አናባቢውን ይዞ ነው የሚመጣው፣ ካ ኪ ኩ ኬ ኮ እያሉ ነው የሚቆጥሩት፣ የሌላቸው ሳድስ ነው፣ ከ"ን" በቀር ብቻውን የሚቆም ድምፅ ስለሌላቸው ስሜ ላይ ያለው ሳድስ በሙሉ "ኡ" ሆኖ ነው የሚጠሩኝ። ካታካናም ያው ቁጥሩ 46 ነው፣ የውጭ ቃልና የውጭ ሰው ስም የሚጻፍበት ነው። በሁለት ወር ሁለቱንም ጨረስኩና አነበብኩ አልኩ፣ አምስት ዓመት እዛው ላይ ተቀመጥኩ። ግን ቁም ነገሩ ያለው ካንጂው ውስጥ ነው። ጋዜጣም ውልም የሆስፒታል ቅጽም ብታይ ስሙና የግሱ ሥር በካንጂ ነው፣ ሂራጋናው የግሱን ጅራትና እንደ "ን" "ለ" "በ" ያሉትን ማያያዣዎች ነው የሚይዘው። ካንጂውን ዘለህ ሂራጋናውን ብቻ ስታነብ ሥጋው ወጥቶ መረቁን ብቻ እንደመቅመስ ነው። መንግሥት ለዕለት ተዕለት ጽሑፍ ብሎ ያወጣው ዝርዝር ደግሞ 2,136 ካንጂ ነው፣ እ.ኤ.አ. በ2010 የተሻሻለው።

ሌላው ሰውን የሚያዞረው አንድ ካንጂ ሁለት ሦስት ንባብ መኖሩ ነው። ይሄን ለአዲስ ልጆች በኛ ቁጥር ነው የማስረዳቸው። ፫ ን ስታይ አንተ ሦስት ትላለህ፣ የቤተ ክህነት ሰው ደግሞ ግዕዙን ሲያነብ ሠለስቱ ይላል፣ ምልክቱ ግን ያው አንድ ነው አይደል? ጃፓኖችም እንደዛ ነው ያደረጉት፣ ካንጂው በኮሪያ በኩል ከቻይና ሲመጣ የቻይናውን አነባበብ በጃፓን አፍ አስቀሩት፣ ከጎኑ ደግሞ የራሳቸውን ቃል አነበቡበት። ተራራ የሚለው ብቻውን ሲሆን ያማ ነው፣ ፉጂ ተራራ ሲሉ ግን ፉጂሳን ይላሉ፣ ሳን የሚሉት እሱኑ ፊደል ነው። እሁድ ኒቺዮቢ ነው፣ በሦስት ካንጂ ይጻፋል፣ የመጀመሪያውና የመጨረሻው አንድ ፊደል ናቸው፣ ፀሐይ ወይም ቀን ማለት፣ ግን መጀመሪያ ላይ ኒቺ መጨረሻ ላይ ቢ ተብሎ ይነበባል። ይሄ ሲገባኝ ነው ፍርሃቱ የለቀቀኝ፣ ከዛ በፊት ሰዎቹ ሆን ብለው ያወሳሰቡት ነበር የሚመስለኝ።

ከሱፐርማርኬት የተማርኩት ካንጂ አለ፣ ርካሽ የሚል፣ ጣራ ነው ከሥሩ ሴት የተቀመጠችበት፣ ማታ ማታ ዋጋ ሲቀንሱ የሚለጥፉት ላይ አይቼ ነው ያወቅኩት። አንድ ቀን ሕንፃ የሚሠራበት ቦታ ትልቅ ሰሌዳ ላይ እሱኑ ፊደል አየሁት፣ እዛ ደግሞ ምን ርካሽ አለ ብዬ ቆምኩ፣ ለካ "ደህንነት ይቅደም" ነው የሚለው። ሰላም፣ እርጋታ፣ ደህና መሆን፣ የፊደሉ ዋና ትርጉም እሱ ነው፣ ርካሽም የመጣው ልብን ከማያስጨንቅ ዋጋ ነው። የገረመኝ ግን ቀጥሎ ያለው ነው፣ ሂራጋና ውስጥ የመጀመሪያዋ ፊደል "አ" የተወለደችው ከዚሁ ካንጂ ነው፣ በቶሎ በቶሎ ሲጽፉት እየተጠማዘዘ እየቀለለ መጥቶ። ድሮ ሂራጋናን የሴት እጅ ይሉት ነበር፣ የቤተ መንግሥት ሴቶች ብዙ ስለጻፉበት። እና መጀመሪያ ቀን የቆጠርኳት "አ" ጣራ ሥር ያለችዋ ሴት ነበረች፣ አምስት ዓመት ሳላውቃት ስጽፋት ኖሬአለሁ።

አሁን የምሠራው አረጋውያን መጦሪያ ነው። እዛ ፈረቃ ሲቀየር ሞሺኦኩሪ የሚባል ርክክብ አለ፣ ማን ስንት ብርጭቆ ውሃ ጠጣ፣ ማን አተኮሰው፣ ማን ምግብ ትን አለው፣ ሁሉም በእጅ ይጻፋል። መጀመሪያ ላይ ማንበብ ስለማልችል ሰው እስኪያነብልኝ ነበር የምጠብቀው። አንዲት የ91 ዓመት እናት አሉ፣ ፀጉራቸውን ሳበጥርላቸው ጠየቅኳቸው፣ "ሀታራኩ" የሚለው፣ ሥራ መሥራት ማለት ነው፣ በካንጂ እንዴት ነው የሚጻፈው አልኳቸው። ወረቀት አላመጡም። እጄን ያዙና መዳፌን ዘርግተው በጣታቸው ጻፉበት። ጃፓኖች እንዲህ ያደርጋሉ፣ ፊደል ሲጠፋቸው ወይ ሲያስረዱ መዳፋቸው ላይ ነው የሚጽፉት። ጥፍራቸው አጭር ነው፣ እኔ ነኝ የቆረጥኩላቸው፣ ጣታቸው ይንቀጠቀጣል ግን ሰረዙ ላይ አልተሳሳቱም፣ በግራ በኩል ሰው፣ መሀል ላይ ከባድ የሚለው፣ በቀኝ ጉልበት። 13 ሰረዝ። "ሰው፣ ከባድ፣ ጉልበት" አሉኝ ቀስ ብለው፣ ከዛ "ይሄኛው ከቻይና አልመጣም፣ እኛ ነን የሠራነው" አሉኝ። እውነት ነው፣ ጃፓኖች ራሳቸው የፈጠሯቸው ካንጂዎች አሉ፣ ይሄ አንዱ ነው። በቀን አስር ጊዜ ሰው ደግፌ የማነሳ ሰው ነኝና ያ ፊደል መዳፌ ላይ እስካሁን ያለ ይመስለኛል። ቀጥለው ማረፍ የሚለውን ጻፉልኝ፣ ሰው ከጎኑ ዛፍ፣ በቃ ዛፍ ተደግፎ ያረፈ ሰው። ሀገር ቤት ገበሬው እርሻውን አቁሞ ዋርካ ሥር ሲቀመጥ ነው የታየኝ።

ብዙ ሰው "ታዲያ ለምን አይተዉትም፣ በሂራጋና ብቻ አይጽፉም" ይላል፣ እኔም እል ነበር። እነሱም ሳያስቡበት ቀርተው አይደለም፣ ከጦርነቱ በኋላ ይቅር የሚል ሐሳብ ነበር፣ እ.ኤ.አ. በ1946 ግን ወደ 1,850 ወሰኑትና ቀጠሉ። ምክንያቱን ያሳየኝ አንድ ጃፓኖች ለልጅ የሚሉት ዓረፍተ ነገር ነው፣ "ኒዋኒዋኒዋኒዋቶሪጋኢሩ"። በግቢው ውስጥ ሁለት ዶሮ አለ ማለት ነው። ግቢ ኒዋ ነው፣ ሁለት ዶሮ ሲቆጠር ኒዋ ነው፣ ዶሮ ራሱ ኒዋቶሪ ነው፣ እና እነሱ በቃላት መሀል ክፍተት አይተዉም፣ እንደኛ የድሮ ጽሑፍ ሁለት ነጥብ የላቸውም። በሂራጋና ብቻ ብትጽፈው ዓይንህ መያዣ ያጣል። ካንጂው ሲገባ ግን ግቢው ለብቻው ዶሮው ለብቻው ብቅ ይላል። ሁለት ነጥባቸው ካንጂው ነው ብዬ ነው የማስበው።

እዚህ ላይ አንድ የከነከነኝን ልናገር። እኔ ድሮ እነዚህ ሞክሼ ፊደሎቻችን፣ ሠ እና ሰ፣ ሀ ሐ ኀ፣ ጸ እና ፀ ይቀነሱ ምን ያደርጋሉ ከሚሉት ነበርኩ። አሁን አይደለሁም። ግዕዙ ላይ ሠረቀ በንጉሡ ሠ ሲሆን ፀሐይ ወጣ ነው፣ በእሳቱ ሰ ሲሆን ሌባ ሰረቀ ነው፣ ጆሮ አይለየውም ዓይን ግን ይለየዋል፣ ልክ እንደ ካንጂ። ምሥራቅ የሚለው ቃል የመጣው ከመጀመሪያው ነው፣ ከፀሐይ መውጣት። ጃፓኖች የሀገራቸውን ስም የሚጽፉት "የፀሐይ መነሻ" ብለው ነው፣ ቶኪዮም ምሥራቃዊ ዋና ከተማ ማለት ነው፣ ምሥራቅ የሚለውን ካንጂ ስታዩት ዛፍ መሀል የገባች ፀሐይ ይመስላል። ይሄን ካወቅኩ ጀምሮ ምሥራቅን በሰ መጻፍ እጄ እምቢ ብሎኛል፣ ሌላ ሰው ቢጽፍ አልቆጣም፣ ግን ልጄን በሠ ነው የማስተምረው።

ልጄ አሁን አንደኛ ክፍል ነው። አንደኛ ክፍል 80 ካንጂ ይማራሉ፣ ስድስተኛ እስኪጨርሱ 1,026። እኔም አብሬው ማታ ማታ እጽፋለሁ። መጀመሪያ አካባቢ ደብተሩን ሳይ ገጹ ሙሉ ራይት ነው፣ ጎበዝ የኔ ልጅ ብዬ አቅፌ ሳምኩት፣ ልጁ ማልቀስ ጀመረ። እዚህ ሀገር ልክ ከሆነ ክብ ነው የሚያደርጉት፣ ራይት ማለት ስህተት ነው። ስህተቱ ምን ነበር? ዛፍ የሚለው ላይ መሀል ያለው ቀጥ ያለ ሰረዝ ጫፉ ቀጥ ብሎ መቆም ሲገባው ትንሽ ወደ ላይ ታጥፎበታል፣ ቀኝ የሚለው ላይ ደግሞ ሰረዙን አሳስቶ ጀምሯል። ቀኝና ግራ ላያቸው አንድ ዓይነት ነው፣ ግን ቀኝን ስትጽፍ የምትጀምረው ከተንሸራታቹ ሰረዝ ነው፣ ግራን ስትጽፍ ከአግድሙ። ለስድስት ዓመት ልጅ ለዚህ ሁሉ ስህተት መስጠት ከባድ ነው ብዬ ተናድጄ ነበር፣ አሁንም ጫፏ በትንሹ በመታጠፏ ልጅ ባያለቅስ ደስ ይለኛል። የሰረዙን ቅደም ተከተል ግን ተቀብዬዋለሁ፣ በእጅ የተጻፈውን የርክክብ ደብተር ማንበብ የቻልኩት እሱን ከለመድኩ በኋላ ነው፣ ፈጥነው ሲጽፉ ሰረዞቹ የሚያያዙት በዛው ቅደም ተከተል ስለሆነ።

ባለፈው እሁድ የካንጂ ደብተሩ ላይ፣ ያው በነጠብጣብ መስቀል ለአራት የተከፈለ ሳጥን ያለው ደብተር፣ የተረፉ ገጾች ስለነበሩ ሀሁ እናጥና አልኩት። ሀ ጻፍኩ፣ ደግሞ ጻፈ። ለ ጻፍኩና "ይሄ ለ ነው" አልኩት። እርሳሱን አስቀምጦ አየኝ።

"አይደለም እማዬ፣ ይሄ ሂቶ ነው" አለኝ።

ሂቶ ሰው ማለት ነው፣ ሁለት ሰረዝ እርስ በርስ የተደጋገፉበት፣ ከተማሩት ከመጀመሪያዎቹ አንዱ። አየሁት፣ እውነትም ለ ነው። ከዛ እርሳሱን አንስቶ "መጀመሪያ በግራ ነው የሚጀመረው" ብሎ አስተካከለኝና ሙሉውን መስመር ለ ለ ለ እያለ ሞላው።