ጉም ሲባል ጉም አላሳይም

ባለፈው ሳምንት ሦስተኛዋን የግጥም ፊልሜን፣ ማለትም ግጥም እየተነበበ ምስል የሚታይባትን አጭር ፊልም፣ ጨረስኩ። 3 ደቂቃ ናት። ደስ ስላለኝ የደረስኩበትን ላካፍላችሁ።

የመጀመሪያዎቹን ሁለቱን ብዙ አላወራም። በስልክ ቀረጽኩ፣ በካፕካት አቀናበርኩ፣ ከስር ዋሽንት ለቀቅኩባቸው። አሁን ሙዚቃውን ትቻለሁ። ግጥም የራሱ ዜማ አለው። ዋሽንት ሲገባ ሰው ቃሉን ማዳመጡን ትቶ መተከዝ ይጀምራል።

በጣም ያስቸገረኝ ምስሉ ነው። ዘንድሮ ክረምት ከደብረ ብርሃን ጣርማ በር ሦስት ጊዜ ተመላልሼ ጉም ቀርጫለሁ። ስንኞቹ እነዚህ ናቸው፦

ጉሙን ለብሶ ቆሞ፣ ተራራው ሲጠብቅ
እናቴ በር ላይ ናት፣ እኔን ስትናፍቅ

«ጉሙን ለብሶ» ስል ጉም አሳየሁ። «እናቴ በር ላይ» ስል እናቴን በር ላይ አቆምኳት። ሳየው ሞተብኝ። ጆሮ የሰማውን ዓይን ከደገመው ለተመልካቹ ምን ይቀረዋል? ቅኔ የተማረ ጓደኛዬ አይቶት «ሰሙን ሁለቴ ነገርከኝ፤ ወርቁስ?» አለኝ። ነገሩ ለቀናት ከጭንቅላቴ አልወጣም።

ከዚያ አገላበጥኩት። ስለ ተራራው ሲነበብ የቤታችንን መዝጊያ በጣም ቀርቤ አሳየሁ። እጅ የለመደው ቦታ ላይ እንጨቱ ለስልሶ ያብለጨልጫል። ስለ እናቴ ሲነበብ ደግሞ ጉሙ ብቻ። የጠበቀችኝ ዘመን ሁሉ እዚያ ውስጥ ያለ መሰለኝ።

ቆረጣውም፣ ከአንዱ ምስል ወደ ሌላው መቀየሩ፣ አስለቅሶኛል። ግጥሙ የወል ቤት ነው፤ ስንኙ 12 ቀለም (ክፍለ ቃል) ሆኖ 6ኛው ላይ ያርፋል። በየስንኙ መጨረሻ ምስል ስቀይር የፎቶ አልበም መሰለ። አሁን የምቀይረው መሃል ላይ፣ ዕረፍቱ ላይ ነው። ቤት ሲመታ ምስሉን አልነካውም። ለዚህ ደግሞ ድምፅ መቅደም አለበት። ምስል ቀርጾ ሲያበቁ ግጥም መለጠፍ ፈጽሞ አይዋጥልኝም። እኔ ቤት ውስጥ የመንዝ ባና ተከናንቤ ነው ያነበብኩት። የውጪውን ነፋስም የክፍሉን ማሚቶም ዋጥ አደረገልኝ።

የመጨረሻው ጉም ግን 9 ሰከንድ ይቆያል፤ እንደረዘመ ይሰማኛል። 2 ሰከንድ ቆርጬ አየሁት። ትንፋሹ ጠፋ። መለስኩት።