ሃምሳና ስድሳ

ስለ ዘመኑ የጃፓን ሠዓሊያን በሚሠራ ዘጋቢ ፊልም ላይ ረዳት ካሜራማን ነበርኩ። መጀመሪያ የሄድነው በምዕራብ ጃፓን ወዳለችው ናኦሺማ ደሴት ነው። እዚያ አንድ አሮጌ ቤት ውስጥ ታትሱዎ ሚያጂማ እ.ኤ.አ. በ1998 የሠራው ሥራ አለ። ወለሉ ውሃ ነው። ውሃው ውስጥ 125 ቆጣሪ መብራቶች ከ1 እስከ 9 ይቆጥራሉ፤ ዜሮ የሚባል የለም፣ በዜሮ ፈንታ ጨለማ ይሆናል። አንዱ ይሮጣል፣ ሌላው ይንቀራፈፋል። ፍጥነቱን የወሰኑት የደሴቲቱ ነዋሪዎች ናቸው። ሻተሩን፣ ማለትም ካሜራው ለእያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚያስገባበትን ጊዜ፣ 1/60 ሰከንድ ላይ አድርጌ ቀረጽን። ምስሉ እንደ ውሃው የረጋ ነበር። ከዚያ በኋላ ያቺን ቁጥር ማንም አልነካትም።

በሳምንቱ ቶኪዮ ገባን። የጠበቁን በጥቁር ቀለም የሚሥሉ አንድ አዛውንት ናቸው፤ ሁላችንም «ሰንሴይ»፣ መምህር እንደማለት፣ ነበር የምንላቸው። ደረቁን ቀለም ድንጋይ ላይ በውሃ እያሹ ግማሽ ሰዓት ያህል ቆዩ። ሸር፣ ሸር፣ ሸር። ሌላ ድምፅ የለም።

ይሄኔ ነው ሞኒተሩ ላይ ነጩ ወረቀት እንደ ዓይን ሽፋሽፍት ሲርገበገብ ያየሁት። ቀና ብዬ ክፍሉን አየሁ፤ ምንም የለም። «ሞኒተሩ ይሆናል» አልኩ በሆዴ። እዚህ ጸጥታ መሀል ማን ደፍሮ ይናገራል?

ሰንሴይ በካልሲያቸው ወረቀቱ ላይ ወጡ። ትልቁን ብሩሽ ነክረው አንዴ ጎተቱት። አሥር ሰከንድ አይሞላም። አለቀ።

ማታ ሆቴል ስናየው ምስሉ ከዳር እስከ ዳር ይርገበገባል።

«መቼ ነው ያየኸው?» አለች ዳይሬክተሯ።

«ቀለሙን ሲያሹ።»

ምንም አልመለሰችም። ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ቶኪዮ የኤሌክትሪክ ማመንጫ ከጀርመን ገዛች፣ ኦሳካ ከአሜሪካ። እስከ ዛሬ የምሥራቁ መብራት 50 ኸርዝ፣ ማለትም በሰከንድ 50 ዙር፣ የምዕራቡ 60 ነው። የድሮ ፍሎረሰንት አምፖል ደግሞ በየዙሩ ሁለቴ ስለሚበራ ምዕራብ በሰከንድ 120 ጊዜ፣ ቶኪዮ 100 ጊዜ ብልጭ ይላል። 1/60 ምዕራብ ላይ ልክ ሁለት ብልጭታ ይይዛል። ቶኪዮ ላይ ግን አንድ ሙሉና አንድ ጎደሎ። የሰንሴይ ጣሪያ ላይ የነበረው እሱ አሮጌ ፍሎረሰንት ነው። የሚያናድደው፣ አዲስ አበባም 50 ነው! ካሜራ ስማር እጄ የለመደው 1/50 ነበር። ያገሬን ልማድ ይዤ ብገባ ኖሮ ምንም አልሆንም።

በማግስቱ ሄደን ይቅርታ ጠየቅን። አንዴ ይድገሙልን ብለንም ለመንን። ሰንሴይ ሻይ ቀዱልን። «ወረቀቱ እኮ ደርቋል» አሉ፣ ሌላ አልጨመሩም።

ፊልሙ ላይ ያለው የደረቀው ወረቀት ነው፤ መብራቱን አጥፍተን በመስኮት ብርሃን ቀረጽነው። ከሥሩ ቀለሙ ሲታሽ ይሰማል። ሸር፣ ሸር። ድምፁ ላይ አንድም እንከን የለም፤ ማን ተናግሮ!