መስከረም 23 በጣና ዳር

ባሕር ዳር የገባሁት መስከረም 22 ቀን 2017 ዓ.ም. ከሰዓት ነው። አክስቴ ታማ ከርማ ስለነበር ልጠይቃት ነው የሄድኩት። አውሮፕላኑ ለማረፍ ሲያዘነብል ጣና መስኮቱን ሞላው። ክረምቱ ገና መውጣቱ ነው። ዳር ዳሩ ደፍርሷል፤ መሃሉ ያብረቀርቃል። ከተማ ውስጥ ዘንባባዎቹ በዝናብ ታጥበው አረንጓዴያቸው ዓይን ይወጋል። አክስቴ በር ላይ ቆማ ጠበቀችኝ። «ምነው ከሳህ?» አለችኝ፣ ታማሚዋ እሷ ሆና ሳለ።

ማግስቱ ሐሙስ ነበር። ወር በገባ በ23 ጊዮርጊስ ነው። የባሕር ዳሩ ቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ደግሞ ከሐይቁ አጠገብ ነው። ከአክስቴ ጋር ቀስ እያልን ሄድን። ከቅዳሴ በኋላ ሊቃውንቱ ወረብ ጀመሩ። ቆሜ የነበርኩት ከበሮ ከያዙት መሪጌታ ሁለት ክንድ ያህል ርቄ ነው። የከበሮው ጠፍር ከአገልግሎት ብዛት የተነሳ ለስልሶ ያብለጨልጫል። ሰፊው ፊት በቀኝ መዳፋቸው ሲመታ ድምፁ ከጆሮ ይልቅ ደረት ላይ ነው የሚያርፈው። ጠባቡ ፊት በግራ ጣቶቻቸው ቀጭን ምላሽ ይሰጣል። መጀመሪያ መረግዱ ቀስ ብሎ ሄደ። እያደር ፈጠነ፣ ወደ ጽፋት ተሻገረ፣ ሕዝቡም በጭብጨባና በእልልታ ተቀበለው። ምቱ እኩል ነው ይባል እንጂ እንደ ሰዓት አይደለም። አንዱ ምት ትንሽ ይዘገያል፣ ቀጣዩ ይቀድማል። ሕይወቱ እዚያ ውስጥ ነው።

ይህን ነገር ልብ ብዬ የሰማሁት በምክንያት ነው። የፊዚክስ መምህር ነኝ። ለዓመታት ልቤን የያዘው ጉዳይ ፀሐይ ስትፈነዳ ጨረሯ ከፍ ዝቅ እያለ የምትመታው ምት ነው።

ከሰዓት አክስቴ ጋደም ስትል እኔ ወደ ሐይቁ ዳር ወጣሁ። ጀልባዎች ከታሰሩበት ቦታ አጠገብ አንድ ጥበቃ አዛውንት ተቀምጠዋል። ጉልበታቸው ላይ አጭር ሞገድ የሚይዝ አሮጌ ሬዲዮ አለ፤ አንቴናው በሽቦ ተቀጥሏል። የዐረብኛ ሙዚቃ ያዳምጣሉ። ቋንቋውን ይችሉ እንደሆነ ጠየቅኳቸው። «ኧረ የት አውቄ ልጄ፣ ዜማው ደስ ስለሚለኝ ነው» አሉ።

አጠገባቸው ተቀመጥኩ። ዘጠኝ ሰዓት ካለፈ በኋላ ሙዚቃው ሳሳ፣ ሳሳና ጠፋ። የቀረው ሹሹታ ብቻ ነው። አዛውንቱ ሬዲዮውን መታ መታ አደረጉት። ባትሪ አውጥተው አዲስ ከተቱ። ያው ነው። «እንዲህ አድርጎኝ አያውቅም እኮ» አሉ። ቀና ብዬ ሰማዩን አየሁ። ጥርት ያለ ነው፣ ደመና የለም። ፔሊካኖቹ ውሃው ላይ ተንሳፍፈው ክንፋቸውን ያራግባሉ። የተለየ ነገር የሚታይ የለም።

ማታ ኢንተርኔት ሳገኝ ነው ነገሩ የገባኝ። በእኛ አቆጣጠር ከቀኑ 9 ሰዓት ከ18 ላይ ኤክስ 9 የሆነ የፀሐይ ፍንዳታ ጣሪያውን ነክቶ ነበር። የፍንዳታ ደረጃዎች ከታች ወደ ላይ ኤ፣ ቢ፣ ሲ፣ ኤም እና ኤክስ ይባላሉ። እያንዳንዱ ከበታቹ ካለው 10 እጥፍ ይበልጣል። የዚያ ቀኑ በ7 ዓመት ውስጥ ከታዩት ሁሉ ኃይለኛው ነበር። አፍሪካ በዚያ ሰዓት ፊቷን ለፀሐይ ሰጥታ ነበርና የሬዲዮ መጥፋቱ ያረፈው እኛ ላይ ነው። የፍንዳታው ኤክስሬይ በ8 ደቂቃ ገደማ እዚህ ይደርሳል። ከ60 እስከ 90 ኪሎ ሜትር ከፍታ ላይ ያለውን ስስ አየር ኤሌክትሮኖቹን ያስለቅቀዋል። አየሩ በኤሌክትሮን ሲጠግብ አጭሩን የሬዲዮ ሞገድ ይውጠዋል። የአዛውንቱን ዜማ የዋጠው ይህ ነው።

እንቅልፍ እምቢ አለኝ። እዚያው አጠገባቸው ቁጭ ብዬ ሳለ ነው የደረሰው!

ብዙ ሰው ፍንዳታ ሲባል አንድ ጊዜ ቦግ ብሎ የሚጠፋ ነገር ይመስለዋል። የፀሐይዋ ግን ብዙ ጊዜ ይመታል። ጨረሩ ከፍ ይላል፣ ዝቅ ይላል፣ ደግሞ ከፍ ይላል። ጆርጅ ፓርክስና ጆን ዊንክለር እ.ኤ.አ. በ1969 ያወጡት ጥናት ስለ አንድ የነሐሴ 1968 ፍንዳታ ነበር። ኤክስሬዩም፣ ማይክሮዌቭ የሚባለው የሬዲዮ ሞገዱም በየ16 ሴኮንዱ አብረው ይመቱ ነበር። ከዚያ ወዲህ ከሴኮንድ ባነሰ ጊዜ የሚመታም፣ ደቂቃዎች የሚፈጅም ተገኝቷል። ልክ እንደ መሪጌታው ከበሮ ምቱ ጥብቅ አይደለም፤ ይንሸራተታል። በአንዳንድ ፍንዳታዎች ደግሞ መጀመሪያ ይፈጥንና ፍንዳታው እየበረደ ሲሄድ ይዘገያል። ማሕሌቱ ከዝግታ ወደ ፍጥነት ነው፤ ፀሐይዋ በተቃራኒው ትሄዳለች።

ምቱን የሚያመጣው ምንድን ነው? የፀሐይ ተመራማሪዎች ገና ይከራከራሉ። ሁለቱን ዋና ዋና መልሶች በማግስቱ በዓይኔ ያየሁ ያህል ነው።

ጠዋት አክስቴ ቡና አፈላች። እንድታርፍ ብለምናትም እሺ አላለችም። ጀበናው ሲፈላ አረፋው በአንገቱ ወጣ፣ ተመለሰ፣ ደግሞ ወጣ። ከታች ያለው እሳት እኩል ነው የሚነድ። መውጫው ግን ጠባብ ስለሆነ ግፊቱ ተጠራቅሞ ቡፍ ይላል፣ ይተነፍሳል፣ እንደገና ይጠራቀማል። አንደኛው መልስ እንዲህ ነው። ፀሐይ ላይ የተጠማዘዙ መግነጢሳዊ መስመሮች ተበጥሰው እንደገና ይቀጠላሉ፣ ፍንዳታውን የሚወልደውም ይህ ነው። ነገር ግን ሁሉም ባንዴ አይበጠስም። ቁራጭ በቁራጭ ነው፤ እያንዳንዱ ቁራጭም ኤሌክትሮኖችን ወደ ታች ይወረውራል፣ እነሱ ሲያርፉ ኤክስሬይ ይፈነጥቃል።

ረፋዱ ላይ ወደ ሐይቁ ተመለስኩ። አንድ የሞተር ጀልባ በረጅም ገመድ ከግንድ ጋር ታስሯል። ሌላ ጀልባ በፍጥነት ሲያልፍ ማዕበሉ መጣና ገመዱን ወጠረው። ገመዱ ተርገፈገፈ። ሆዱ ላይ የያዘው ውሃ በየመርገፍገፉ ጠብ፣ ጠብ አለ። አጠገቡ ትንሽ ታንኳ በአጭር ገመድ ታስራለች። የሷ ገመድ ቶሎ ቶሎ ነው የሚንዘረዘረው። ሁለተኛው መልስ ይህ ነው። ፀሐይ ላይ ምድርን ብዙ እጥፍ የሚበልጡ የጋለ ጋዝ ቅስቶች አሉ፤ እግራቸው ወለሉ ላይ ተተክሏል። ፍንዳታ ሲመታቸው ይወዛወዛሉ። ትሬስ የተባለችው ሳተላይት እ.ኤ.አ. በ1998 ይህን ውዝዋዜ በምስል ይዛዋለች። ቅስቱ ከረዘመ ምቱ ይዘገያል፣ መግነጢሱ ከበረታ ይፈጥናል። ስለዚህ ምቱን የቆጠረ ሰው በቀጥታ ለመለካት እጅግ የሚያስቸግረውን የዚያን ቦታ መግነጢስ ማስላት ይችላል። ለእኔ ከሁሉ የሚደንቀኝ ይህ ነው። ሐኪም በሽተኛውን ሳይከፍት የልብ ምቱን አዳምጦ እንደሚያውቅ ማለት ነው።

ሌላም አለ። እ.ኤ.አ. ሐምሌ 2016 ላይ ከአሜሪካ ሜይን የሚላክ የረጅም ሞገድ ምልክት አየርላንድ ውስጥ ሲቀዳ ነበር። ያን ቀን ፀሐይ በየ20 ደቂቃው ገደማ ትመታ ነበር። ምልክቱም አብሮ ከፍ ዝቅ አለ። ላውራ ሄይስና ባልደረቦቿ ነገሩን ሲያጠኑት የላይኛው አየራችን ራሱ ከፀሐይዋ ጋር እኩል እንደሚመታ አረጋገጡ። የፀሐይ ምት ሰማያችን ድረስ ይመጣል ማለት ነው!

ባሕር ዳር ደግሞ ለዚህ ጉዳይ ተራ ቦታ አይደለችም። የምድር መግነጢሳዊ ወገብ በኢትዮጵያ ያልፋል። በዚህ መስመር ዙሪያ፣ ከራሳችን በላይ፣ ቀን ቀን ብርቱ የኤሌክትሪክ ጅረት ይፈስሳል። ባሕር ዳር ዩኒቨርሲቲም ዋሸራ የሚባል የጂኦስፔስ (በምድር ዙሪያ ያለው ጠፈር) እና የራዳር ሳይንስ ላብራቶሪ አለው። ዋሸራ እኮ የቅኔ አገር ነው። ስሙን ያወጣው ሰው ይባረክ። በታክሲ በግቢው በር ሳልፍ አንገቴን አዙሬ እስክርቅ ድረስ አየሁት። ተማሪዎቼን አንድ ቀን ይዤያቸው መምጣት እፈልጋለሁ።

ከሰዓት ወደ አዛውንቱ ሄድኩ። ከሰፈር የገዛሁትን የተጠበሰ ቆሮሶ ዓሣ በወረቀት ጠቅልዬ ይዣለሁ። አብረን እየበላን የትናንቱን ነገር ነገርኳቸው። እያላመጡ በጽሞና ሰሙኝ። ሬዲዮው አለመበላሸቱን ሲሰሙ ፊታቸው በራ።

«እና ልክ እንደ ከበሮ ነው የምትለኝ?»

«አዎ ጋሼ። ግን የማይሰማ።»

«ሬዲዮዬ ሰምቶታል እኮ» አሉ።

እጃቸውን ጠርገው ሬዲዮውን ከፈቱ። ቁልፉን በሁለት ጣታቸው ቀስ አድርገው አዞሩት። ዘጠኝ ሰዓት ከሩብ ነበር። ያው የትናንቱ ጣቢያ ጥርት ብሎ መጣ። ድምፁን ከፍ አድርገው ግንቡ ላይ አስቀመጡት።