ጨረቃን በአንድ ፊደል ሰበርኳት፣ ማተሚያ ቤቱ መልሶ ጠገናት

ልብ ወለድ ለማሳተም የምታስቡ ካላችሁ፣ በተለይ አስማት ያለበት ከሆነ፣ ይቺን አንብቡ። ለእኔ አስቀድሞ የነገረኝ ሰው አልነበረም። ቢኖር ኖሮ 500 መጽሐፍ አልጋዬ ሥር ቆልዬ ክረምቱን ሙሉ ፊደል ሳጠፋ አልከርምም ነበር።

ሐሳቡ የመጣልኝ ሰኔ 14 ቀን 2012 ዓ.ም. ነው። ያን እሑድ ጠዋት ጨረቃ ፀሐይን ጋረደቻት። ላሊበላ ላይ ፀሐይ የእሳት ቀለበት ሆና ታየች። እኛ አዲስ አበባ ያለነው ግን ተገምጣ ነው ያየናት። የሰፈሩ ሰው ሁሉ ስለ ፀሐይ ሲያወራ እኔ ስለ ጋራጇ አሰብኩ። እሷስ ብትሰበር?

ሰንደራ የሚባል ዓለም ፈጠርኩ። ለመጻፍ ሁለት ዓመት ፈጀብኝ። ስለ አጻጻፉ ብዙ አልልም፤ ማታ ማታ ቁጭ ብሎ መጻፍ ነው። የጽሑፍ ሥልጠና የሚሰጡ ሰዎች «መጀመሪያ ካርታ ሣሉ፣ የነገሥታቱን የዘር ሐረግ አዘጋጁ» ይላሉ። አትስሟቸው። ሦስት ወር ካርታ ስሥል ከረምኩ፤ ታሪኩ ከአንድ መንደር ሳይወጣ አለቀ።

አንድ ስህተት በጊዜ ተያዘልኝ። ጨረቃ ስትፈነዳ ምድር በድምፁ ተናወጠች፣ ሌሊቱ ድቅድቅ አለ፣ ባሕሩም ቀጥ አለ ብዬ ጽፌ ነበር። የእህቴ ልጅ 11ኛ ክፍል ናት። አንብባ ሳቀችብኝ። «ጋሼ፣ ተሰበረች እንጂ ጠፋች አላልክም እኮ!» ህዋ ላይ ድምፅ የሚያልፍበት አየር የለም። ስብርባሪው እዚያው እስከዞረ ድረስ ክብደቱ የትም ስላልሄደ ባሕሩን መሳቡን አይተውም። ሌሊቱ ደግሞ እንዲያውም ይደምቃል፤ ድንጋይ ሲደቅቅ ብርሃን የሚመልሰው ገጹ ይበዛል። «አስማት ነው በቃ» ብዬ ላመልጥ ሞከርኩ። «አስማቱ እስከምትሰበር ድረስ ነው፤ ከዚያ በኋላ ያለው ፊዚክስ ነው» አለችኝ። አፌን አዘጋችኝ። ምዕራፍ ሦስትን እንደገና ጻፍኩት። አሁን ሰንደራ ውስጥ የሚያስፈራው የማይጨልም ሌሊት ነው። ዶሮው መቼ እንደሚጮህ ጠፍቶበታል።

ከጥፋቱ በኋላ ያለውን ኑሮ የጻፍኩት ግን ፊዚክስም ካርታም ሳልፈልግ ነው። በ1880ዎቹ መጀመሪያ የከብት በሽታ አገሩን በሬ አልባ ሲያደርገው የሆነውን እናስታውሳለን፤ «ክፉ ቀን» ነው ስሙ። መሬቱ አለ፣ ዝናብ ቢዘንብም የሚያርስ በሬ የለም። እነዚያን ገጾች ዛሬም እኮራባቸዋለሁ።

አሁን ወደ ቁስሌ ልምጣ።

አስማት የሚለው ቃል በግዕዝ «ስሞች» ማለት ነው፤ የስም ብዙ ቁጥር። ስለዚህ የእኔ አስማት እሳት መወርወር አይደለም፣ ስም መጥራት ነው። የሚጠሩትን ቃል ፍለጋ ሰፈራችን ያሉ አንድ የኔታ ዘንድ ሄድኩ። «አስማት ልትደግም ነው የመጣኸው?» ብለው ሊያባርሩኝ ነበር። ልብ ወለድ መሆኑን ስነግራቸው እየሳቁ አንድ ነገር ሰጡኝ። በንጉሡ ሠ ሲጻፍ «ሠረቀ» ወጣ፣ አበራ ማለት ነው። በእሳቱ ሰ ሲጻፍ «ሰረቀ» ያው ሰረቀ ነው፣ ሌባው። ድምፁ ዛሬ አንድ ነው፣ የሚለየው በዓይን ብቻ ነው።

እንዴት ያለ ስጦታ ነው! መጽሐፌ በሙሉ በዚህ ላይ ቆመ። ወጣቱ ደብተራ ጨረቃ እንድትወጣ ብራና ላይ «ሠረቀ» ብሎ መጻፍ ሲገባው፣ እንቅልፍ እያዳፋው «ሰረቀ» ብሎ ይጽፋል። ጨረቃ ትሰበራለች። በንጉሡና በእሳቱ መካከል አንድ ዓለም ጠፋ።

እቁብ ደርሶኝ ነበር፤ ብሩን ይዤ ማተሚያ ቤት ሄድኩ። ስሙን አልጠራውም። ፊደል የሚያርም ባለሙያ አለን አሉኝ፤ ለእሱም ለብቻ ከፈልኩ። ባለሙያው ምን አደረገ? የቤቱ ደንብ «ለአንድ ድምፅ አንድ ፊደል» ነው አሉ። ኮምፒውተሩን ሠን ሁሉ በሰ ተካልኝ አለው፤ አንዴ ተጫነ፣ አለቀ። ፀሐይም «ጸሀይ» ሆነች፣ እሷን እንኳን ችዬ ባለፍኩ። ገጽ 41 ላይ ግን እንዲህ የሚል ታተመ፦ «ሰረቀ ብሎ መጻፍ ሲገባው ሰረቀ ብሎ ጻፈ።»

አንድ ጊዜ ደግማችሁ አንብቡት። እኔ መቶ ጊዜ አንብቤዋለሁ።

ሄጄ ጮህኩ። ኃላፊው ሻይ እየጠጣ «አንባቢ ልዩነቱን አያውቀውም» አለኝ። አያውቀውምማ! እንዲያውቀው እኮ ነው የጻፍኩት! ከዚያ መሳቢያውን ከፍቶ አንድ ወረቀት አወጣ። የመጨረሻው ናሙና ላይ «አይቼ ተስማምቻለሁ» የሚል የራሴ ፊርማ። እውነቱን ልናገር፣ ሽፋኑን ብቻ ነበር ያየሁት። ሽፋኑ ያምር ነበር። ያን ቀን ታክሲ ውስጥ የተናደድኩት በእሱ ይሁን በራሴ እስካሁን አልለየሁም።

ፊደል ይቀነስ የሚሉ ምሁራን አሉ። ለጋዜጣ ይሁንላቸው፣ አልከራከርም። ለመጽሐፋችሁ ግን የማይነኩ ቃላትን ዝርዝር በወረቀት ጽፋችሁ ስጡ፣ አስፈርሙ። «ባለሙያ አለን» ሲሏችሁ ስለ ሠ እና ሰ ጠይቁት፤ ትከሻውን ከነቀነቀ ብሩን ይዛችሁ ውጡ። ናሙናውን ደግሞ ገጽ በገጽ ጣታችሁን እያስኬዳችሁ አንብቡ። ቸኩያለሁ አይባልም።

እንደገና ለማሳተም ብር አልነበረኝም። ነጭ ማጥፊያና ቀጭን ብዕር ገዛሁ። የእህቴ ልጅ ታጠፋለች፣ እኔ ሠን እጽፋለሁ። 500 ጊዜ። ሦስት መቶ ገደማ ላይ እጄ ደክሞ ራሴው ሰ ጻፍኩ፤ ሁለታችንም ዝም ብለን ተያየን።

ባለፈው መጽሐፉን የገዛ አንድ ልጅ ገጽ 41ን ከፍቶ አሳየኝ። ሌላው ሁሉ ኅትመት ሆኖ ያቺ አንድ ፊደል በእጅ የተጻፈች፣ ዙሪያዋ ነጭ። «ይሄ ሆን ተብሎ ነው አይደል? እንደ ክታብ?» አለኝ።

አዎ አልኩት።