በነነዌ የቀለጠው ሰም

ጾመ ነነዌ በገባ ቁጥር የማስበው ዮናስን፣ ዓሣ አንበሪውንና ማቅ የለበሰውን ንጉሥ ነበር። ዘንድሮ ግን ሐሳቤ ወደ ሌላ ሄደ። ማታ ማታ ስለ ከተማዋ መጻሕፍት ሳነብ አመሸሁ።

ነነዌ የነበረችው ዛሬ ሞሱል ባለችበት፣ ኢራቅ ውስጥ ነው። ከነገሥታቷ አንዱ፣ የአሦር ንጉሥ አሹርባኒፓል፣ ማንበብ በመቻሉ በጣም ይኮራ ነበር። ከየአገሩ ጽሑፍ አሰባሰበ። ሁሉም ግን በፈቃድ የተሰጠ አልነበረም። በባቢሎን የነገሠው ወንድሙ አምፆበት ከተሸነፈ በኋላ፣ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ647 የተጻፈ መዝገብ አለ። ወደ ንጉሡ ቤተ መጻሕፍት የገባውን ይቆጥራል፤ 2,000 ያህል የሸክላ ጽላትና 300 ያህል የእንጨት ሰሌዳ። በዚያው ሰሞን የጎረቤቶቹን የኤላሞችን ከተማ ሱሳን አፈራረሰ፤ ቤተ መቅደሷን ማውደሙንም በኩራት አስጽፏል። ጽሑፍ እንዲህ የሚወድ ሰው የሌላውን ቅርስ እንዴት ያወድማል? እዚህ ላይ ስደርስ ልቤ አዘነ።

ከክርስቶስ ልደት በፊት በ612 ተራው የነነዌ ሆነ። ባቢሎናውያንና ሜዶናውያን ከተማዋን አቃጠሏት። እሳቱ ግን የጽላቶቹን ጭቃ አጠነከረው፤ ልክ ምጣድ ሲተኮስ እንደሚጠነክረው። በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ከፍርስራሹ የወጡት 30,000 ያህል ጽላቶችና ስብርባሪዎች ዛሬ ሎንደን ናቸው። ጥንታዊው የጀግናው የጊልጋመሽ ታሪክም ከነሱ መካከል ነው።

እኔን ያንገበገቡኝ የእንጨት ሰሌዳዎቹ ናቸው። ላያቸው በሰም ተለብጦ የሚጻፍባቸው ነበሩ። ሰም ይቀልጣል፣ እንጨት ይነዳል። ኒምሩድ በምትባለው ሌላዋ የአሦር ከተማ ጥቂት ሰሌዳዎች የተረፉት የውኃ ጉድጓድ ውስጥ ስለተጣሉ ነው፤ ሰሙ ላይ ስለ ከዋክብት ምልክት የተጻፈው ዛሬም ይታያል። የነነዌዎቹን ጉድጓድ አልሸሸጋቸውም። ቁጥራቸው ብቻ መዝገብ ላይ ቀረ።

አንዳንዶቹ ጽላቶች ግርጌ ላይ እርግማን አለ፤ ይህን የወሰደ ወይም በስሜ ፈንታ ስሙን የጻፈ፣ አማልክት ስሙንና ዘሩን ያጥፉ ይላል። ሳነበው ብራናዎቻችን ላይ ያለው «ዘሠረቆ ወዘፈሐቆ» ጆሮዬ ላይ አቃጨለ። የሰረቀው፣ የፋቀው የተወገዘ ይሁን። ያም ጸሐፊ፣ ይህም ጸሐፊ የፈሩት የሰው እጅ ነበር።

ዛሬ የጾሙ መጨረሻ ነው። ቅዳሴ ላይ ጧፌ እጄ ላይ ሲንጠባጠብ፣ ሐሳቤ እነዚያ 300 ሰሌዳዎች ጋ ሄዶ ቀረ።