ዘጠኝ ጎፈር

ማስተማር ከጀመርኩ ገና ሁለተኛ ዓመቴ ነበር። ፕሮባቢሊቲ ከመጀመሬ በፊት ለ60 ተማሪዎች የቤት ሥራ ሰጠሁ። የአንድ ብር ሳንቲም 100 ጊዜ ወርውሩ፣ የወጣውን በተራ ጻፉ። አንበሳው ጎፈር፣ ሚዛኑ ዘውድ። (ዘውዱ ከሳንቲሙ ከወረደ ስንት ዘመኑ፤ እኛ ግን ሚዛኑንም ዘውድ እንለዋለን።) ከተከታታይ ምዘናው 5 ማርክ ይይዛል።

ስታፍ ቁጭ ብዬ ሳርም አንድ ወረቀት ላይ ስደርስ ሳቄ መጣ። መሐል ላይ ጎ ጎ ጎ ጎ ጎ ጎ ጎ ጎ ጎ ይላል። ዘጠኝ! ለዲፓርትመንት ኃላፊያችን አሳየኋቸው። መነጽራቸውን ዝቅ አድርገው አዩትና፣ «ግማሽን ዘጠኝ ጊዜ አባዛው፤ ከ512 አንድ ነው። ይሄ ቤቱ ተቀምጦ የሞላው ነው። ሰነፍ! አቀያይሮ መጻፍ እንኳ ደክሞት» አሉኝ። ዜሮ ሰጠሁት። በቀይ፣ በትልቁ።

ልጁ በዕረፍት ሰዓት መጣ። ከኋላ የሚቀመጥ ዝምተኛ ልጅ ነው።

«ቲቸር፣ እኔ እኮ ወርውሬያለሁ።»

«ዘጠኝ ጊዜ ጎፈር?»

«እኔም ገርሞኛል። ስምንተኛው ላይ እማዬን ጠራኋት። ዘጠነኛውን አብራኝ አይታለች።»

«እና እናትህ መጥታ ትመስክር?»

ትንሽ ዝም አለ። ከዚያ፣ «ቲቸር፣ ልዋሽ ብል እንዲህ ብዬ እዋሻለሁ?»

«ሂድ ክፍል ግባ» አልኩት። መልስ ሲጠፋን የምንላት ነች።

ማታ አልተኛሁም። ሳንቲም አውጥቼ መወርወር ጀመርኩ። ባለቤቴ «ቁማር ጀመርክ?» አለችኝ። ሰባ ሳልሞላ ሰባት ዘውድ በተርታ ወጣ። ያኔ ነው ወረቀትና እስክሪብቶ የፈለግሁት። ከ512 አንድ የሚባለው፣ አስቀድመህ «እነዚህ ዘጠኝ ውርወራዎች ሁሉም ጎፈር ይሆናሉ» ካልክ ነው። በ100 ውርወራ ውስጥ ግን ዘጠኝ ተርታ የሚጀምርበት 92 ቦታ አለ። ዘውድም ቢሆን ያው ይገርመን ነበር። ሁሉን አስገብቼ ሳሰላው ከስድስት ተማሪ አንዱ ዘጠኝ ተርታ ያገኛል። ስድስት ተርታማ ከአምስቱ አራቱ ያገኙታል።

ስለዚህ ከ60ው ውስጥ አስር ያህል ልጅ ዘጠኝ ተርታ ሊኖረው ይገባ ነበር። ያለው አንድ ብቻ ነው። ስድስት ተርታ ደግሞ ወደ 48 ወረቀት ላይ መገኘት ነበረበት። ቆጠርኩ። ሰባት። የቀረው ጎ ዘ ጎ ጎ ዘ ዘ ጎ ዘ፣ እንደ ጥልፍ ያማረ። ሃያ ሦስቱ ደግሞ ድምራቸው ልክ 50 ለ50። እውነት ቢወረወር እኮ ልክ 50 የሚያገኙት ከመቶ ስምንት ያህሉ ናቸው። ሁሉም 5 ከ5 አግኝተዋል። ከእኔ።

በማግሥቱ ለኃላፊያችን አስረዳኋቸው። ሻያቸውን እየጠጡ እስከ መጨረሻው ሰሙኝ።

«እና አሁን ለሃምሳ ልጅ ዜሮ ልትሰጥ ነው?»

«አይ...»

«እንግዲያው ተወው። ሮስተሩም ገብቷል።»

የልጁን 5 ማርክ ለማስመለስ ሁለት ሳምንትና ሦስት ፊርማ ፈጀብኝ። አንዱ ፊርማ የእሳቸው ነበር። እየፈረሙ «ከ512 አንድ» ብለው አጉረመረሙ።

ከዚያ ወዲህ የቤት ሥራውን ሳርም መጀመሪያ የማየው ተርታውን ነው። ስድስት ካጣሁ እጠይቃለሁ። ይህን ዘዴዬን ለማንም አልተናገርኩም፤ ቢያንስ እኔ እንደዚያ ነበር የማስበው። ከሁለት ዓመት በኋላ የልጁ እህት ክፍሌ ገባች። ወረቀቷ ላይ ስድስት ዘውድ፣ ዝቅ ብሎ ሰባት ጎፈር፣ ሰባኛው አካባቢ ደግሞ ዘጠኝ ጎፈር። ድምሩ 47 ለ53።

«ወርውረሻል?» አልኳት።

«አዎ ቲቸር። ስምንተኛው ላይ እማዬን ጠርቻት ነበር።»

5 ከ5 ሰጠኋት።