67 ነጥብ ሞላልኝ ማለት ገና ነው

«ለካናዳ 67 ሞላልኝ» የሚል ሰው ከገጠማችሁ፣ እንኳን ደስ አለህ ከማለታችሁ በፊት አንድ ነገር ጠይቁት። ከ100 ነው ከ1200? ብዙ ጊዜ ከ100 ነው። ከ100 ከሆነ ደግሞ ሰውዬው ገና በር ላይ ነው።

ከስታዲየም እስከ ፒያሳ ባሉ ፎቆች ላይ «ወደ ካናዳ እንልካለን» የሚል ባነር የሰቀሉ አንዳንድ ቢሮዎች ይህን ብዥታ ይወዱታል። 67 የሞላለትን ሰው «አልፈሃል» ይሉታል። ነገሩ ውሸት አይደለም። ግን ያለፈው ለመመዝገብ ነው። ለመመዝገብ ደግሞ የነሱን ያህል ብር አያስፈልግም።

እኔ አካውንታንት ነኝ። ለገሃር አካባቢ ባለ አንድ አስመጪ ድርጅት ነው የሠራሁት። ያለ ኤጀንት፣ ያለ ቅጥር ደብዳቤ፣ ካናዳ ውስጥ ወንድም እህት ሳይኖረኝ ቋሚ የመኖሪያ ፈቃድ አግኝቻለሁ። ቡና በጠጣሁበት ሁሉ «እንዴት አገኘሽው?» የሚለውን ያንኑ ጥያቄ ስለምጠየቅ እስኪ አንዴ ልጻፈውና ልገላገል።

ሚዛኑ ሁለት ነው። የመጀመሪያው ከ100 የሚታየው ነው። ቋንቋ እስከ 28፣ ትምህርት እስከ 25፣ የሥራ ልምድ እስከ 15፣ ዕድሜ እስከ 12 ይይዛሉ፤ የቀረው ለቅጥርና እዚያ ለሚያላምዱ ነገሮች ነው። 67 የሞላለት ኤክስፕረስ ኢንትሪ በሚባለው የካናዳ የኢንተርኔት መመዝገቢያ ፕሮፋይል ከፍቶ ከሌላው ዓለም ሕዝብ ጋር ይሰለፋል። ሁለተኛው ሚዛን የተሰለፈውን ሰው ደረጃ የሚያወጣው ሲአርኤስ ነው። ከ1200 ይታያል። ግማሹ፣ ማለትም 600ው፣ አንድ የካናዳ ክፍለ ሀገር «ይህን ሰው እፈልገዋለሁ» ብሎ ሲመርጥ የሚሰጥ ነው። ስለዚህ እንደኔ ላለ ሰው ጨዋታው በአብዛኛው ያለው በቀረው 600 ውስጥ ነው። የካናዳ መንግሥት በየጊዜው ዕጣ የሚመስል ዙር ያወጣል፤ ግን ዕጣ አይደለም። ከላይ ጀምሮ ይቆርጣል። ከቆረጠበት ነጥብ በላይ ከሆንክ ግብዣ ይደርስሃል፣ በታች ከሆንክ ሌላ ዙር ትጠብቃለህ።

ስጀምር 29 ዓመቴ ነበር። ያላገባ ሰው ከ20 እስከ 29 ባለው ዕድሜ ሙሉውን 110 ያገኛል። የመጀመሪያ ዲግሪዬ 120 ሰጠኝ። እዚህ ድረስ ደስ ይላል። ከዚያ አይልትስ የሚባለውን የእንግሊዝኛ ፈተና ተፈተንኩ። ማዳመጥ 8፣ ንባብ 7፣ ንግግር 7 መጣ፤ ጽሑፍ 6.5። ጓደኞቼ «አሪፍ ነው» አሉኝ። ለሌላ ነገር አሪፍ ነው። በሲአርኤስ ግን ያቺ ግማሽ ነጥብ ጉድ ትሠራለች።

የሂሳብ ሰው ስለሆንኩ ሰንጠረዡን ከፍቼ ቁጭ አልኩ። የአይልትስ ውጤት ሲኤልቢ ወደሚባል የካናዳ ደረጃ ይቀየራል። ጽሑፍ 6.5 ሲኤልቢ 8 ነው፣ 7 ደግሞ ሲኤልቢ 9። ከ8 ወደ 9 መሻገር በራሱ የሚጨምረው 8 ነጥብ ብቻ ነው። ነገር ግን በአራቱም ክፍል ሲኤልቢ 9 የደረሰ ሰው የትምህርቱና የውጭ ሥራ ልምዱ ነጥብ እንደገና ይሰላለታል። ዲግሪዬ ከቋንቋው ጋር ተቀናጅቶ የሚያስገኘው ነጥብ ከ13 ወደ 25፣ ከሦስት ዓመት በላይ የሆነው የአዲስ አበባ ሥራ ልምዴ ደግሞ ከ25 ወደ 50 ያድጋል። ድምሩ ሲታይ ያቺ ግማሽ የጽሑፍ ነጥብ 45 ነጥብ ታወጣለች። ከ384 ወደ 429።

ስድስት ዓመት የሠራሁበት ልምድ በሲአርኤስ ብቻውን ዋጋ የለውም፤ ቋንቋው ካልደገፈው እዚያው ይቀመጣል። ይህን አይቼ ነው ሌላውን ሁሉ ትቼ ጽሑፍ ላይ የከረምኩት። ስድስት ኪሎ እንግሊዝኛ የሚያስተምር አንድ መምህር ድርሰቶቼን በቀይ እስክሪብቶ ያርምልኝ ነበር። አንዱን ወረቀት ዛሬም አስቀምጬዋለሁ። የመጀመሪያውን አንቀጽ ሙሉውን ሰርዞ ከጎኑ «አቋምሽ የታል?» ብሎ ጽፎበታል። ልክ ነበር። እኛ ስንጽፍ መግቢያችን ረጅም ነው፣ ዞር ዞር ብለን ነው ወደ ጉዳዩ የምንደርሰው። ፈታኙ ግን ሐሳብህን በመጀመሪያው አንቀጽ ይፈልገዋል። ይህን ካስተካከልኩ በኋላ 7 መጣ።

429 ይዤ ታዲያ ምን ሆንኩ? ምንም። እ.ኤ.አ. በሐምሌ 2022 ዙሮቹ ከረጅም እረፍት በኋላ ሲመለሱ የመቁረጫው ነጥብ 557 ነበር። ማስተርስ ያላት ሰው 15 ለዲግሪው፣ 25 ደግሞ ለቅንጅቱ ትጨምራለች። እሷም ብትሆን በ469 ያን ጊዜ አትገባም። «በ75 ነጥብ የገቡ አሉ» የሚለውን ወሬ ሰምታችሁ ይሆናል። እውነት ነው፣ የካቲት 2021 በኮቪድ ወቅት ተደርጓል። ግን እዚያው ካናዳ ውስጥ ሠርተው ልምድ ላላቸው ሰዎች እንጂ ለገሃር ለተቀመጠች አካውንታንት አይደለም።

ስለዚህ ፈረንሳይኛ። ይህን ስል የሚስቅብኝ ሰው ብዙ ነበር። ሰንጠረዡ ላይ ግን በግልጽ ተጽፏል፤ በፈረንሳይኛ በአራቱም ክፍል ደረጃ 7 ያገኘና እንግሊዝኛውም ደህና የሆነ ሰው 50 ተጨማሪ ነጥብ አለው። እንደ ሁለተኛ ቋንቋ ደግሞ ሌላ 12 ያገኝበታል። 62 ነጥብ ነው። ለማስተርስ ከሚሰጠው ይበልጣል፣ ወጪውም አይወዳደርም።

ፒያሳ ፈረንሳይኛ የሚያስተምረው አሊያንስ ተመዘገብኩ። ከሥራ ስወጣ የታክሲው ሰልፍ ከራሴ በላይ ስለሚሆን ብዙ ጊዜ ቸርችልን በእግሬ ነበር የምወጣው። በመሀል ፒያሳ መፍረስ ጀመረች። አንድ ሰሞን ክፍል የምንገባው ጫማችንን አራግፈን ነበር፤ አስተማሪያችን መስኮት ዘግታ በግሬደር ጩኸት ላይ ታስነብበን ነበር። ለማዳመጥ ፈተና ጥሩ ልምምድ ሆኖኛል፣ አልክድም።

ያላሰብኩት ነገርም መጣ። እ.ኤ.አ. በ2023 ካናዳ በምድብ መምረጥ ጀመረች። ለጤና ባለሙያ፣ ለእጅ ሙያ፣ ለፈረንሳይኛ ተናጋሪ የየራሱ ዙር። በየካቲት 2024 መጨረሻ የወጣው የፈረንሳይኛ ዙር የተቆረጠው 336 ላይ ነው። በዚያው ሰሞን ሁሉንም ያቀፉት ዙሮች ከ520 አይወርዱም ነበር። እኔ ፈረንሳይኛ የጀመርኩት ለ62 ነጥብ ብዬ ነው፤ ይህ ዕድል ነው፣ ብልጠት አላደርገውም። ምድቦቹም በየዓመቱ ስለሚቀያየሩ ዛሬ ያለውን አይታችሁ ሦስት ዓመት የሚፈጅ ዕቅድ አታውጡ። ቋንቋ ግን ምድቡ ቢሰረዝም ነጥቡ አይጠፋም።

ቲሲኤፍ ካናዳ የሚባለው የፈረንሳይኛ ፈተና ላይ ለደረጃ 7 በጽሑፍና በንግግር ከ20 10 ይበቃል። ቀላል ይመስላል። አይደለም፤ ከክፍላችን ልጆች ብዙዎቹን ንግግሩ ላይ ነው የያዛቸው። በመሀል ደግሞ አይልትሴ ሁለት ዓመት ሞላውና ጊዜው አለፈበት፣ እንደገና ተፈተንኩ። ዕድሜም አብሮ ይሄዳል። 30 ዓመት ላይ 105፣ 31 ላይ 99፣ እኔ በመጨረሻ ስገባ 32 ላይ 94። 16 ነጥብ ለዕድሜ ከፍዬ 62 ገዛሁ ማለት ነው። ከ40 በኋላ ግን በየልደቱ 11 ነጥብ እየተነጠቀ 45 ላይ ዜሮ ይሆናል፤ እዚያ ያላችሁ ሰዎች ሂሳባችሁን ለብቻ ሥሩ። ባለትዳር የሆናችሁ ደግሞ ሁለታችሁንም በየተራ ዋና አመልካች አድርጋችሁ አስሉት። አንድ ጓደኛዬና ባለቤቷ «አባወራው ያመልክት» ብለው ነበር። በሷ ሲሰላ ነጥቡ በለጠ።

አውስትራሊያንም አይቼዋለሁ። መነሻው 65 ነው፣ ከ25 እስከ 32 ዓመት ላለ ሰው ለዕድሜ ብቻ 30 ይሰጣሉ፣ ላላገባ ሰው እንኳ 10 አላቸው። ግን በቅድሚያ ሙያህን የሚገመግም ተቋም አለ፤ እሱን ሳየው ወገቤ ተቆረጠ፣ ተውኩት።

አሁን ወረቀት። ነጥብ ማለት የተናገርከው ነው፤ ወረቀት ከሌለው የለም። የዲግሪ አቻ ግምገማውን ለሚሠራው ዌስ ትራንስክሪፕቱ በዩኒቨርሲቲው በኩል ታሽጎ ነው የሚላከው። ዩኒቨርሲቲው ደግሞ ኮስት ሼሪንግህን ካልጨረስክ ኦፊሻል አይልክም። ይህን ቀድማችሁ ጨርሱ፣ ሌላውን ነገር ሁሉ የሚያስቆም እሱ ነው።

ከሁሉ ያደከመኝ የሥራ ልምድ ደብዳቤው ነው። የኛ ቢሮ ደብዳቤ የታወቀ ነው፤ «ለሚመለከተው ሁሉ» ይላል፣ የሥራ መደብ፣ ደመወዝ፣ «በሥራ ዘመናቸው የሥራ ግብር ከፍለዋል» ብሎ ያበቃል። ካናዳ የሚፈልገው ግን ምን ምን እንደሠራህና በሳምንት ስንት ሰዓት እንደሠራህ ነው። ነጥቡ የሚሰጠው ለመደቡ ስም አይደለም፤ የሠራኸው ሥራ እነሱ ኖክ በሚሉት የሙያ መዝገብ ካለው መግለጫ ጋር ሲገጥም ነው። የሰው ኃይል ኃላፊያችን ደብዳቤውን መነጽራቸው ስር አድርገው ለረጅም ጊዜ አዩት።

«ልጄ፣ እኛ ዘንድ ፎርማቱ ይሄ ነው» አሉኝ።

«ጋሼ፣ ፎርማቱ ይቆይ፤ ከሥሩ አንድ አንቀጽ ብቻ ይጨመርልኝ።»

«ነገ ሌላው መጥቶ ሁለት አንቀጽ ቢለኝስ?»

በመጨረሻ የሥራ ዝርዝሬን ከቅጥር ፋይሌ ላይ አውጥተው እሱን አባሪ አደረጉልኝ። ከፋይሌ የወጣ ስለሆነ ማንም «ፈጥራ ነው» ሊል አይችልም። ፎርማታቸውም አልተነካም። ደብዳቤው ተተይቦ ሲመጣ ግን «ከሐምሌ 2008 ጀምሮ» ይላል፣ በእንግሊዝኛ። በኛ አቆጣጠር ልክ ነው። በነሱ ከተነበበ ግን በ15 ዓመቴ ዋና ሂሳብ ሠራተኛ ሆኛለሁ። ጋሼ ራሳቸው ሳቁ። «2016» ተብሎ ተስተካከለ፣ ማኅተም ተደረገ።

ግብዣው የመጣው በመጋቢት 2025 ነው። ያ የፈረንሳይኛ ዙር 379 ላይ ነው የተቆረጠው፣ እኔ 475 ነበርኩ። ከዚያ በኋላ ሁሉንም ለማስገባት 60 ቀን ብቻ አለህ። የፖሊስ ማስረጃ ያን ጊዜ ሮጦ የሚገኝ ነው። ገንዘብ ግን ሮጦ አይገኝም። አንድ ሰው ለብቻው ለመቋቋሚያ አለኝ ብሎ የሚያሳየው መጠን ያኔ 14,690 የካናዳ ዶላር ነበር። ሐምሌ 2024 ላይ ብር በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ ቁጠባዬ አልተነካም፤ መስፈርቱ ነው በብር እጥፍ የሆነብኝ። ስድስት መቶ ሺህ ብር ገደማ የነበረው ነገር ከሚሊዮን ዘለለ። ተበድሮ አካውንት ላይ ማቆየትም አይሠራም፤ የባንኩ ደብዳቤ የስድስት ወር አማካይ ሂሳብህንና ዕዳህን ያወጣዋል። የማመልከቻውን 1,525 የካናዳ ዶላር ደግሞ አሜሪካ ያለችው የአክስቴ ልጅ በካርዷ ከፈለችልኝ። እዚህ ሆኖ በውጭ ምንዛሬ መክፈል ራሱን የቻለ ጣጣ ነው።

ቁጠባዬን የሞላልኝ እቁብ ነው። ከመሥሪያ ቤት ሰዎች ጋር የምንጥለው፣ ዕጣው ሲደርሰኝ ትልቅ ብር ባንድ ቀን አካውንቴ ገባ። ባንድ ቀን የገባ ትልቅ ብር ምንጩ ካልታወቀ ብድር ይመስላል። ስለዚህ የእቁባችንን ዳኛና ጸሐፊ ለመንኳቸው፤ ስንት አባል እንዳለን፣ በወር ስንት እንደምንጥል፣ ዕጣው መቼ እንደደረሰኝ ጻፉልኝ። በየወሩ ያስገባሁበትን የባንክ ስቴትመንት አያይዤ፣ እቁብ ምን እንደሆነ በእንግሊዝኛ ግማሽ ገጽ አስረድቼ አብሬ አስገባሁት። ስለ ገንዘቡ ሌላ ጥያቄ አልመጣም። ቀጥሎ የመጣው የሕክምና ምርመራ ትእዛዝ ነው፣ ከዚያ ፓስፖርት ላኪ የሚለው።